የድሮ ጌም አዲስ ኮምፒውተር ላይ እምቢ ሲል፦ መጀመሪያ ዕድሜውን ጠይቁ

ባለፈው ክረምት የእህቴ ልጅ ከሐረር ድሬዳዋ መጣ። አዲስ ላፕቶፕ ተገዝቶለታል። ቦርሳው ውስጥ ደግሞ አባቱ በካርቶን ያኖራቸውን ሲዲዎች ይዞ ነበር። ፕሪንስ ኦፍ ፐርሺያ፣ ኤጅ ኦፍ ኤምፓየርስ 2፣ አይ.ጂ.አይ፣ ቫይስ ሲቲ። «አጎቴ፣ አንዱም አልከፈት አለኝ» አለ።

እኔ ያደግሁት ከዚራ፣ አንድ ጌም ቤት በር ላይ ተራ እየጠበቅሁ ነው። እነዚህን ጌሞች አለቀላቸው ብዬ መተው አልሆነልኝም። ሦስት ቀን ፈጀብን። በመጨረሻ አራቱም ሠሩ። ከዚያ ወዲህ ለጓደኞቼም ለጎረቤቶቼም ብዙ ጌም አስነሥቻለሁ። እናንተም ሦስት ቀን እንዳይፈጅባችሁ የማውቀውን ላካፍላችሁ።

አንድ ነገር ከሁሉ ይቀድማል። ብዙ ሰው ጌሙ እምቢ ሲለው ኢንተርኔት ላይ ያገኘውን «ፊክስ» ሁሉ ይጭናል። ጊዜ የሚባክነው እዚህ ላይ ነው። የ1990 ጌም እና የ2003 ጌም የማይሠሩበት ምክንያት አይገናኝም። የአንዱ መድኃኒት ለሌላው አይሆንም። ስለዚህ ሐኪም ካርድ ሲያወጣ እንደሚያደርገው፣ እኛም መጀመሪያ ዕድሜ እንጠይቃለን። እዚህ የምጠቅሳቸው ዓመቶች በሙሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።

ከምንም በፊት ኮፒ አድርጉ

የድሬን ሙቀትና አቧራ ታውቁታላችሁ። ሲዲ ሁለቱንም አይወድም። ዲስኩን ለስላሳ ጨርቅ ይዛችሁ ከመሃል ወደ ዳር ቀጥ አድርጋችሁ ጥረጉ። ዙሪያውን አትሹት። ዳታው የተጻፈው በዙሪያው ስለሆነ፣ በዚያ አቅጣጫ የሚወጣ ጭረት ብዙ ዳታ ባንዴ ያበላሻል።

አዲስ ላፕቶፖች የሲዲ ማስገቢያ የላቸውም። እኛ ከታይዋን ገበያ በዩኤስቢ የሚሰካ የዲቪዲ ማንበቢያ ገዛን። ጌሙ ያለው አሮጌ ዴስክቶፕ ውስጥ ከሆነ ደግሞ ሃርድ ዲስኩን አውጡት። ሰፊ ጠፍጣፋ ገመድና 40 ፒን ያለው ከሆነ አይ.ዲ.ኢ ይባላል። ወደ ዩኤስቢ የሚቀይር አዳፕተር አለው። አዳፕተሩ የራሱ የመብራት ገመድ ያለው መሆኑን አይታችሁ ግዙ። የዴስክቶፕ ዲስክ 12 ቮልት ይፈልጋል፤ ዩኤስቢ የሚሰጠው 5 ብቻ ነው።

ሲዲውን ወደ አይ.ኤስ.ኦ ፋይል (የሲዲውን ዳታ በአንድ ፋይል የሚይዝ ግልባጭ) ስትቀዱ አንድ ወጥመድ አለ። በ1990ዎቹ ብዙ ጌሞች ሙዚቃቸውን እንደ ተራ የዘፈን ሲዲ በትራክ ያስቀምጡ ነበር። አይ.ኤስ.ኦ የሚይዘው ዳታውን ብቻ ነው፤ ዘፈኑ ይቀራል። ጌሙ ይከፈታል፣ ተኩሱም ይሰማል፣ ሙዚቃው ግን ዝም። ስለዚህ መጀመሪያ ሲዲውን በሙዚቃ ማጫወቻ ፕሮግራም ሞክሩት። ከ2ኛው ትራክ ጀምሮ ዘፈን ካለ፣ «ቢን» እና «ኪው» በሚባሉት ሁለት ፋይሎች ቅዱት። ዊንዶውስ 10 እና 11 አይ.ኤስ.ኦ ፋይልን ሁለቴ በመጫን ብቻ እንደ ሲዲ ይከፍታሉ። ቢንና ኪውን ግን አያውቁም፤ እንደ ሲዲ የሚያነብላችሁ ሌላ ፕሮግራም መጫን አለባችሁ።

ሁልጊዜ በኮፒው ላይ ሥሩ። ዋናውን አትንኩ።

ዕድሜውን መለየት

የጌሙን ዋና ፋይል ራይት ክሊክ አድርጋችሁ ፕሮፐርቲስ ውስጥ «ሞዲፋይድ» የሚለውን ቀን እዩ። ቀኑ ተቀይሮ ከሆነ የዲስኩን ሽፋን አንብቡ። በግምት ሦስት ትውልድ አለ። እስከ 1996 ድረስ ያሉት በአብዛኛው የዶስ፣ ማለትም ከዊንዶውስ 95 በፊት ኮምፒውተሩን ያንቀሳቅስ የነበረው ሲስተም ጌሞች ናቸው። ከ1995 እስከ 2000 ያሉት ለዊንዶውስ 95 እና 98 የተሠሩ ናቸው። ከ2001 እስከ 2008 ያሉት የዊንዶውስ ኤክስ.ፒ ዘመን ልጆች ናቸው።

ዊንዶውስ «ይህ ፕሮግራም በዚህ ኮምፒውተር ላይ አይሠራም» የሚል መልእክት ካመጣ ፋይሉ ባለ 16 ቢት፣ ማለትም ለድሮ ዓይነት ፕሮሰሰር የተጻፈ፣ የመሆን ዕድሉ ሰፊ ነው። ባለ 64 ቢት ዊንዶውስ ባለ 16 ቢት ፕሮግራም በፍጹም አይከፍትም። ዊንዶውስ 11 ደግሞ የሚመጣው በ64 ቢት ብቻ ነው። እዚህ ላይ ሴቲንግ ብትነካኩ ለውጥ የለም፤ መንገዱን መቀየር ነው።

የዶስ ጌሞች

ይህ ከሁሉ ቀላሉ ነው። ዶስቦክስ የሚባል ነፃ ፕሮግራም አለ። ከ2002 ጀምሮ ያለ ነው፤ አዲሱ ኮምፒውተር ውስጥ አንድ አሮጌ የዶስ ኮምፒውተር ይፈጥራል። መጠኑ 2 ሜጋባይት እንኳ አይሞላም፤ ፓኬጃችሁን አይነካም።

1. ዶስቦክስን ጫኑ።
2. የጌሙን ፎልደር ስም በእንግሊዝኛ ፊደል፣ ከ8 ሆሄ ሳይበልጥ፣ ያለ ክፍት ቦታ ጻፉ። ዶስ ከዚያ የረዘመ ስም አያውቅም።
3. የጌሙን ዋና ፋይል በማውስ ጎትታችሁ የዶስቦክስ ምልክት ላይ ጣሉት። ምንም ትእዛዝ መጻፍ አያስፈልግም።
4. አልትና ኢንተርን አንድ ላይ ተጫኑ፤ ሙሉ ስክሪን ይሆናል።

ጌሙ ከተንቀረፈፈ ኮንትሮልና ኤፍ12፣ ከልክ በላይ ከፈጠነ ኮንትሮልና ኤፍ11 ተጫኑ። ቀስ እያላችሁ ደጋግሙት። ማውሱ ውስጥ ገብቶ አልወጣ ካለ ኮንትሮልና ኤፍ10 ነው። ኮንትሮልና ኤፍ9ን ግን ተጠንቀቁ። ምንም ሳይጠይቅ ዶስቦክስን ይዘጋዋል። የእህቴ ልጅ እንዲህ አንድ ሰዓት ሙሉ የተጫወተውን አጥቷል።

ድምፅ ከሌለ ፎልደሩ ውስጥ «ሴትአፕ» የሚል ፋይል ፈልጉና እሱን በዶስቦክስ ክፈቱ። ሳውንድ ብላስተር 16ን ምረጡ። አድራሻ 220፣ አይ.አር.ኪው 7፣ ዲ.ኤም.ኤ 1፣ ከፍተኛው ዲ.ኤም.ኤ 5። የመጀመሪያውን ቁጥር ከቤታችን መብራት ቮልት ጋር አያይዛችሁ ያዙት፤ አይረሳም።

«ራንታይም ኤረር 200» የሚል መልእክት ካያችሁ ፋይሉ የተበላሸ እንዳይመስላችሁ። በተርቦ ፓስካል የተጻፉ አንዳንድ ፕሮግራሞች ሲነሡ የማሽኑን ፍጥነት ይለካሉ። ማሽኑ እነሱ ከገመቱት በላይ ሲፈጥን ስሌቱ ይፈርሳል። በኤፍ11 ፍጥነቱን ዝቅ አድርጋችሁ እንደገና ክፈቱት።

ፕሪንስ ኦፍ ፐርሺያን ለምታነሡ ደግሞ ይህን እወቁ። ከመጀመሪያው ደረጃ በኋላ ብልቃጥ የተደረደረበት ክፍል ይመጣል። ጌሙ ከመመሪያ መጽሐፉ አንድ ቃል ይጠይቃል፤ ትክክለኛውን ፊደል የያዘውን ብልቃጥ መጠጣት አለባችሁ። ያኔ ጌሙ እንዳይገለበጥ ያስቀመጡት መቆለፊያ ነው። መጽሐፉ ከዲስኩ ጋር ካለ አትጣሉት፤ በስልካችሁ ፎቶ አንሡት።

የዊንዶውስ 95 እና 98 ጌሞች

አስቸጋሪው ዘመን ይህ ነው። ብዙውን ጊዜ ያጠፋነውም እዚህ ነው።

መጀመሪያ የሚያጋጥማችሁ ጌሙ ኢንስቶል አለመደረጉ ነው። ጌሙ ራሱ ባለ 32 ቢት ሆኖ፣ የሚጭነው ፕሮግራም ግን ባለ 16 ቢት ሊሆን ይችላል። ቤቱ ደህና ነው፤ በሩ ነው የተቆለፈው። መላው ሁለት ነው። ኦ.ቲ.ቪ.ዲ.ኤም የሚባል ትንሽ ነፃ ፕሮግራም አለ፤ ባለ 16 ቢት የዊንዶውስ ፕሮግራሞችን በ64 ቢት ዊንዶውስ ላይ ያስነሣል። በእሱ ሞክሩት። እምቢ ካለ፣ ኤክስ.ፒ ያለው አሮጌ ኮምፒውተር ከጎረቤት ተዋሱና እዚያ ላይ ጫኑት። ከዚያ ፎልደሩን እንዳለ በፍላሽ አምጡት። ብዙ ጌሞች በዚህ ብቻ ይሠራሉ።

የምትጭኑበትን ቦታ ደግሞ እዩ። «ፕሮግራም ፋይልስ» ውስጥ አትጫኑ። የድሮ ጌሞች ሴቭ የሚያደርጉት በራሳቸው ፎልደር ውስጥ ነው። ዊንዶውስ ደግሞ ከቪስታ ጀምሮ ያንን ቦታ ይጠብቃል፤ ሴቭ ያደረጋችሁት ይጠፋል ወይም ጌሙ ይዘጋል። በሲ ድራይቭ ላይ በእንግሊዝኛ ፊደል የራሳችሁን ፎልደር ክፈቱና እዚያ ውስጥ አድርጉት።

ቀጥሎ ዳይሬክት ፕሌይ አለ። ይህ የዊንዶውስ የራሱ አሮጌ ክፍል ነው፤ አሁን ጠፍቶ ነው የሚመጣው። ኮንትሮል ፓነል፣ ፕሮግራምስ፣ ከዚያ «ተርን ዊንዶውስ ፊቸርስ ኦን ኦር ኦፍ» የሚለውን ክፈቱ። «ሌጋሲ ኮምፖነንትስ» ውስጥ ዳይሬክት ፕሌይን ምረጡና ኮምፒውተሩን አጥፍታችሁ አብሩ። ኤጅ ኦፍ ኤምፓየርስ 2 መጀመሪያ ስንከፍተው የጠየቀን ይህንን ነበር።

ከዚያ ራይት ክሊክ፣ ፕሮፐርቲስ፣ «ኮምፓቲቢሊቲ»። ዊንዶውስ ኤክስ.ፒ ሰርቪስ ፓክ 3ን ምረጡ። «ራን አዝ አድሚኒስትሬተር» ላይም ምልክት አድርጉ። ስክሪኑ ተቆርጦ ከታየ «ቼንጅ ሃይ ዲ.ፒ.አይ ሴቲንግስ» የሚለውን ክፈቱና ማስተካከሉን ለጌሙ ለራሱ ተዉለት። አንዱን ነገር ቀይራችሁ ሞክሩ፤ ካልሠራ መልሱትና ሌላውን። ሁሉንም ባንዴ ከነካካችሁ የትኛው እንደረዳና የትኛው እንዳበላሸ አታውቁም።

የእኛ ኤጅ ኦፍ ኤምፓየርስ ከተከፈተ በኋላ ቀለሙ ተዘበራርቆ ነበር። ሳሩ ወይን ጠጅ፣ ውሃው ቀይ። ምክንያቱ ይህ ነው። የ1999 ጌም በአንድ ጊዜ የሚጠቀመው 256 ቀለም ብቻ ነው። ያንን የቀለም ሰንጠረዥ የዛሬው ዊንዶውስ በደንብ አይጠብቅለትም። መድኃኒቱ ሲ.ኤን.ሲ ዲድሮው ይባላል። ነፃ ነው። ፋይሎቹን ከጌሙ ዋና ፋይል አጠገብ ኮፒ ማድረግ ብቻ ነው። ውሃው ወዲያው ሰማያዊ ሆነ። ልጁ ከዚያ «ኢትዮጵያውያን የት አሉ?» ብሎ ፈለገ። በዚህ ዲስክ ውስጥ የሉም። ኢትዮጵያና የዮዲት ዘመቻ የገቡት በ2015 በወጣው ተጨማሪ ክፍል ነው። እነሱን የሚፈልግ ሰው የ2019ኙን አዲስ እትም ቢገዛ ይሻለዋል።

ባለ ሦስት አውታር ጌሞች፣ ለምሳሌ የ2000ው አይ.ጂ.አይ፣ ሌላ መድኃኒት አላቸው። ዲጂቩዱ 2 ይባላል። የድሮውን የግራፊክስ ቋንቋ ዛሬ ያለው ካርድ ወደሚገባው ቋንቋ ያስተረጉማል። ዚፑን ስትፈቱ ኤክስ86 እና ኤክስ64 የሚሉ ፎልደሮች ታገኛላችሁ። ኮምፒውተራችሁ 64 ቢት ቢሆንም ኤክስ86 የሚለውን ውሰዱ። የሚቆጠረው የጌሙ ዕድሜ ነው፤ ጌሙ ባለ 32 ቢት ነው። የዲ.ኤል.ኤል ፋይሎቹንና የሴቲንግ ፕሮግራሙን ጌሙ ፎልደር ውስጥ አስቀምጡ። ሲ.ኤን.ሲ ዲድሮውንና ዲጂቩዱን አንድ ጌም ላይ አታደራርቡ፤ ሁለቱም አንድ ዓይነት ስም ያለው ፋይል ነው የሚያስገቡት።

የፍሬም ፍጥነቱን (በሴኮንድ የሚሣለውን ምስል ብዛት) በ60 ገድቡት። ይህን ለድሬ ሰው አጥብቄ ነው የምናገረው። የድሮ ጌም ለአዲስ ካርድ በጣም ቀላል ስለሆነ፣ ገደብ ከሌለው ካርዱ በሜኑው ላይ እንኳ በሙሉ ኃይሉ ይሮጣል። በግንቦት ሙቀት ላፕቶፑ ይግላል፤ ፋኑ እንደ ባጃጅ ይጮኻል። ገደቡ ዲጂቩዱ ውስጥ ወይም በግራፊክስ ካርዱ ኮንትሮል ፓነል ውስጥ ይገኛል። ላፕቶፑንም ፍራሽ ላይ አታስቀምጡት።

አይ.ጂ.አይ ላይ አንድ ነገር ልጨምር። ተልእኮው መሃል ላይ ሴቭ የለውም። መብራት ከሄደ ከመጀመሪያው ነው። ባትሪያችሁን ሞልታችሁ ጀምሩ።

የኤክስ.ፒ ዘመን ጌሞች

እዚህ ነገሩ ይቀላል። ስሙ «ዲ3ዲኤክስ9» ብሎ የሚጀምር ፋይል የለም የሚል መልእክት በጣም የተለመደ ነው። መፍትሔው የማይክሮሶፍት የሰኔ 2010 ዳይሬክት ኤክስ ጥቅል ነው። 100 ሜጋባይት ገደማ ነው። መጀመሪያ ስትከፍቱት ፋይሎቹን የሚፈታበት ፎልደር ይጠይቃችኋል። ብዙ ሰው እዚህ ላይ ያለቀ ይመስለዋል። አላለቀም። ፎልደሩ ውስጥ ገብታችሁ «ዲኤክስ ሴትአፕ» የሚለውን አስነሡት።

የጎደለውን ፋይል ብቻ ለብቻው ከማይታወቅ ገጽ አታውርዱ። እኔ ከዓመታት በፊት እንዲህ አድርጌ ቫይረስ ገባብኝ፤ የቤተሰብ ፎቶዎቼን አጣሁ። እስካሁን ያሳዝነኛል።

ዋናው ዲስክ ካላችሁና አሁንም «ሲዲውን አስገባ» የሚል ከሆነ፣ ዲስኩ ውስጥ ሴፍዲስክ የሚባል መቆለፊያ ሊኖር ይችላል። ዊንዶውስ 10 በ2015 ሲወጣ ለደኅንነት ሲባል የዚህን መቆለፊያ ድራይቨር አስቀርቷል። ስለዚህ ሕጋዊው ዲስክ ራሱ አይሠራም። ጌሙን የሠራው ድርጅት በኋላ ያወጣው ማሻሻያ ካለ እሱን ጫኑ፤ አንዳንዶቹ የሲዲ ጥያቄውን አንሥተውታል። ከሌለ እንደገና የተሸጠውን እትም መግዛት ነው። ጎግ የሚባለው የኢንተርኔት የጌም መደብር በ2008 የተመሠረተው የድሮ ጌሞችን አስተካክሎ ለመሸጥ ነው፤ ከሱ የምትገዙት ዲስክም መቆለፊያም አይፈልግም።

ቫይስ ሲቲ የእህቴ ልጅ ላይ የተከፈተው ማውስ ሳይኖረው ነው። ሰውዬው ቆሟል፤ አይዞርም። ዶክመንትስ ውስጥ የቫይስ ሲቲ ዩዘር ፋይልስ የሚል ፎልደር አለ። እዚያ ስሙ በ«ሴት» የሚያልቀውን የሴቲንግ ፋይል ሰርዙ። ጌሙ ሲከፈት አዲስ ይፈጥራል። ፍሬም ሊሚተር የሚለውንም አታጥፉት፤ የመኪናውና የሰዉ እንቅስቃሴ ከፍሬሙ ጋር የተሳሰረ ስለሆነ ይዛባል። ሳይለንትፓች የሚባለው ነፃ ማስተካከያ ደግሞ ሌሎች ብዙ ስሕተቶችን ያርማል።

ጌሙ መሃል ላይ ስታክ የሚያደርግ ከሆነ ታስክ ማናጀርን ክፈቱ። «ዲቴይልስ» ውስጥ ጌሙን ራይት ክሊክ አድርጋችሁ «ሴት አፊኒቲ» በሚለው አንድ ኮር (አንድ የፕሮሰሰር ክፍል) ብቻ ተዉለት። ባለ አንድ ኮር ማሽን ብቻ አይተው የተሠሩ ጌሞች በዚህ ይረጋጋሉ።

የዊንዶውስ ስማችሁ በአማርኛ ነው?

ይህንን ማንም ሲጽፈው አላየሁም፤ እኛን ግን ይነካናል። ዊንዶውስ ስትጭኑ ስማችሁን በአማርኛ ፊደል ከጻፋችሁ፣ የዩዘር ፎልደራችሁም በአማርኛ ይሆናል። የግዕዝ ፊደል ዩኒኮድ ውስጥ፣ ማለትም ኮምፒውተር የዓለምን ፊደላት የሚያውቅበት ሰንጠረዥ ውስጥ፣ የገባው በ1999 ነው። የድሮ ጌሞች ብዙዎቹ ዩኒኮድን አይጠቀሙም። ዶክመንትስ ውስጥ ሴቭ ለማድረግ ሲሞክሩ መንገዱን ማንበብ ያቅታቸዋል፤ ወይ አይከፈቱም ወይ ሴቭ አያደርጉም። ስሙን ከሴቲንግ መቀየር አይረዳም፤ ፎልደሩ የድሮ ስሙን ይዞ ይቀራል። በእንግሊዝኛ ፊደል አዲስ ዩዘር ክፈቱና ጌሙን ከዚያ አጫውቱ።

ሁሉም እምቢ ሲል

አንዳንድ ጌም ሌሎች ሰዎች ለአዲስ ማሽን እንደገና የሠሩለት ሞተር አለው። የዱም የፕሮግራም ጽሑፍ በ1997 ይፋ ስለሆነ ዛሬ ጂዜድዱም በሚባለው በቀላሉ ይከፈታል። ለሬድ አለርት ኦፕንአርኤ፣ ለፕሪንስ ኤስዲኤልፖፕ አለ። እነዚህ ካሉ ከዶስቦክስም በፊት እነሱን ሞክሩ።

የመጨረሻው በር ሙሉ አሮጌ ኮምፒውተር በሶፍትዌር መፍጠር ነው። ለኤክስ.ፒ ቨርቹዋልቦክስ፣ ለዊንዶውስ 98 ደግሞ 86ቦክስ። 86ቦክስ የድሮውን ማሽን እስከ ቺፑ ስለሚያስመስል ከባድ ነው፤ ጠንካራ ፕሮሰሰር ይፈልጋል። በዊንዶውስ ፋንታ ሊኑክስ የምትጠቀሙ ከሆነ ዋይን የሚባለው ፕሮግራም አብዛኛውን ያስነሣላችኋል፤ ባለ 16 ቢቶቹንም ጭምር።

ሲሠራ

ጌሙ እንደሠራ ዚፕ አድርጉት። ውስጡ አንድ የጽሑፍ ፋይል ጨምሩና ምን እንደቀየራችሁ በተራ ጻፉ። ሴቭ የሚያደርግበትን ፎልደርም መዝግቡ።

የእህቴ ልጅ ወደ ሐረር ሲመለስ አራቱንም በፍላሽ ሰጠሁት። ማታ ደወለ። በአባቱ ዴስክቶፕ ላይ ሞክሮ ኤጅ ኦፍ ኤምፓየርስ አልከፈት ብሎታል። «ጽሑፉን አንብበኸዋል?» አልኩት። አላነበበውም። ሁለተኛው መስመር ላይ ዳይሬክት ፕሌይ ተጽፏል። ዲድሮው ከፎልደሩ ጋር አብሮት ሄዷል፤ ዳይሬክት ፕሌይ ግን ያለው ዊንዶውሱ ውስጥ ስለሆነ በየማሽኑ መብራት አለበት። ስልኩን ሳይዘጋ ዳይሬክት ፕሌይን አበራው። ኮምፒውተሩን አጥፍቶ አበራው። ከዚያ የጌሙ ሙዚቃ በስልኩ ውስጥ ተሰማኝ፤ አባቱም ከኋላ «እስቲ ወንበሩን ልቀቅልኝ» ሲል።